የአሜሪካ ሉተራውያን ከየት መጡ? ተደጋግመው የሚጠየቁ ጥያቄዎች

ሚኒያፖሊስ አካባቢ ለሚኖር ሐበሻ የሉተራን ቤተ ክርስቲያን እንግዳ ነገር አይደለም። በየሰፈሩ አለ። ጠዋት በእንግሊዝኛ የተዘመረበት አዳራሽ ከሰዓት በኋላ በአማርኛ ወይም በኦሮምኛ የሚዘመርበት ጊዜ አለ። የሕንፃው ባለቤቶች ግን ራሳቸው የስደተኛ ልጆች ናቸው። አያቶቻቸው በስዊድንኛ፣ በጀርመንኛ፣ በኖርዌጂያንኛ ነበር የሚጸልዩት። «ልጆቻችን በምን ቋንቋ ይጸልዩ?» የሚለው ጥያቄ ከ150 ዓመት በላይ አጨቃጭቋቸዋል። ዛሬ እኛን እያጨቃጨቀ ያለው ጥያቄ ስለሆነ ታሪካቸውን ማወቅ ይጠቅመናል ብዬ ከልቤ አምናለሁ። ሰዎች ደጋግመው የሚጠይቁኝን ሰብስቤ እነሆ። ዓመቶቹ በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ሉተራውያን ጴንጤ ናቸው?

እኛ አገር መካነ ኢየሱስም፣ ቃለ ሕይወትም፣ ሙሉ ወንጌልም በጅምላ ጴንጤ ይባላሉ። አሜሪካዊ ሉተራን ግን እንዲህ ብትሉት ግራ ይገባዋል። ሉተራውያን መነሻቸው በ16ኛው ክፍለ ዘመን ጀርመናዊው መነኩሴ ማርቲን ሉተር የጀመረው ተሐድሶ ነው። ሕፃናትን ያጠምቃሉ። በጌታ እራት ላይ ክርስቶስ በእውነት አለ ብለው ያምናሉ። ብዙዎቹ ቄሶች ልብሰ ተክህኖ ይለብሳሉ፣ ሻማ ይበራል፣ የእሑዱ ምንባብ በዓመቱ ወቅት የተደለደለ ነው። ኦርቶዶክስ ቤት ያደገ ሰው ገብቶ ቢቀመጥ ካሰበው በላይ የሚያውቀው ነገር ያገኛል።

መጀመሪያ የመጡት ጀርመኖች ናቸው አይደል?

ብዙ ሰው እንደዚያ ይመስለዋል። በ1619 ወደ ሃድሰን ቤይ፣ ማለትም ወደ ዛሬዋ ካናዳ፣ የሄደ የዴንማርክ ጉዞ የሉተራን ቄስ ይዞ ነበር። ያ ክረምት ግን ከሦስት ሰው በቀር ሁሉንም ጨረሰ፤ ቄሱም ሞተ። ተቀምጠው ቤተ ክርስቲያን ያቆሙት ስዊድኖች ናቸው። በ1638 ደላዌር ወንዝ ገብተው ዛሬ ዊልሚንግተን ባለችበት ቦታ ምሽግ ሠሩ። በንግሥታቸው ስም ፎርት ክርስቲና አሉት።

ከቄሶቻቸው አንዱ ዮሐን ካምፓኒየስ ይባላል። በ1643 መጣ። ጎረቤቶቹ ሌናፔ የተባሉት የአገሩ ሰዎች ነበሩ። ቋንቋቸውን ተምሮ የሉተርን ትንሹን ካቴኪዝም፣ ማለትም የእምነት መማሪያ መጽሐፍ፣ ተረጎመላቸው። ሌናፔዎች የስንዴ ዳቦ የዕለት ምግባቸው አልነበረም። ስለዚህ «የዕለት እንጀራችንን ስጠን» የሚለውን የአጋዘን ሥጋና በቆሎ እንዲያገኙ የሚለምን ጸሎት አድርጎ አቀረበው። የእኛ ተርጓሚዎች ዳቦውን እንጀራ እንዳሉት ማለት ነው። መጽሐፉ የታተመው ግን ዘግይቶ በ1696 ስቶክሆልም ውስጥ ነው። በአሜሪካ የሉተራን ታሪክ ገና ከጅምሩ የቋንቋ ነገር መሆኑን እዩልኝ።

ኒውዮርክ ውስጥ ተከልክለው ነበር የሚባለው እውነት ነው?

እውነት ነው። ያኔ ከተማዋ ኒው አምስተርዳም ትባላለች፤ የደች ነበረች። አገረ ገዢው ፒተር ስታይቬሰንት ከራሱ ከሪፎርምድ ቤተ ክርስቲያን (ከሉተራን የተለየ ሌላ ፕሮቴስታንት) በቀር ሌላ አምልኮ አልፈቅድም አለ። በ1656 በግል ቤት ተሰብስቦ ማምለክ እንኳ በገንዘብ የሚያስቀጣ ሆነ። በ1657 ጉትዋሰር የሚባል የሉተራን ቄስ ከአውሮፓ ሲመጣላቸው ከተማዋ ታመሰች። ቄሱ ለጊዜው ሎንግ አይላንድ አንድ ገበሬ ቤት ተደበቀ። በ1659 ተባርሮ ተመለሰ። እንግሊዞች በ1664 ከተማዋን ሲይዙ ነው እፎይ ያሉት።

ሙለንበርግ ማን ነው? ስሙ በየቦታው አለ።

ሄንሪ ሜልክየር ሙለንበርግ ይባላል። ጀርመን ውስጥ ካለችው ከሃለ ከተማ ተልኮ በ1742 ፊላደልፊያ ሲደርስ 31 ዓመቱ ነበር። የጠበቀው ነገር ቀላል አልነበረም። ምዕመናኑ ተበታትነዋል፤ በስማቸው የሚሰብኩ ሌሎች ሰዎች ቀድመው ገብተዋል። እሱ በፈረስ ከሰፈር ሰፈር እየዞረ ሰበሰባቸው። እንደ ቦታው በጀርመንኛ፣ በደች፣ በእንግሊዝኛ ይሰብክ ነበር። በ1748 የተበተኑትን አጥቢያዎች በአንድ ሲኖዶስ፣ ማለትም በአጥቢያዎች ኅብረት፣ አደራጀ። በአሜሪካ የመጀመሪያው ቋሚ የሉተራን ሲኖዶስ ይሄ ነው። ፔንሲልቬኒያ ውስጥ ትራፕ በምትባል ቦታ በ1743 ያሠራው የድንጋይ ቤተ ክርስቲያን ዛሬም ቆሟል።

ልጆቹም ቄሶች ሆኑ፤ ሁለቱ ግን ወደ ሌላ መንገድ ሄዱ። ፒተር በነፃነት ጦርነቱ ጄኔራል ሆነ። ፍሬድሪክ በ1789 የአሜሪካ የሕዝብ ተወካዮች ምክር ቤት የመጀመሪያው አፈ ጉባኤ ሆኖ ተመረጠ።

ጀርመንኛ በአንድ ድምፅ ለጥቂት የአሜሪካ ቋንቋ ሳይሆን ቀረ ይባላል። እውነት ነው?

አይደለም። የፍሬድሪክ ስም ስለሚነሳበት በሰፊው ይወራል እንጂ እንዲህ ያለ ድምፅ ተሰጥቶ አያውቅም። የሆነው ይሄ ነው። ቨርጂኒያ የሚኖሩ ጀርመናውያን ሕጎች በጀርመንኛም ይታተሙልን ብለው አቤት አሉ። በ1795 ምክር ቤቱ ሲወያይበት ስብሰባውን ለሌላ ጊዜ እናድርገው የሚል ሐሳብ ቀረበና 42 ለ 41 ወደቀ። የአንዷ ድምፅ ወሬ መነሻው ይህች ናት።

ጥቁር ሉተራውያን ነበሩ? ወይስ የነጭ ቤተ ክርስቲያን ብቻ ነው?

ነበሩ፤ ከመጀመሪያውም ነበሩ። ይሄን ክፍል ሰው ሁሉ እንዲያውቀው እመኛለሁ። በ1669 በሆሳዕና ዕለት ኒውዮርክ ውስጥ ኢማኑኤል የተባለ ጥቁር ሰው ተጠመቀ። በ1714 ደግሞ ኒው ጀርሲ ውስጥ መደረጉ የሚታወቀው የመጀመሪያው የሉተራን አምልኮ የተካሄደው አሪ ቫን ጊኒ በተባለ ነፃ አፍሪካዊ ቤት ውስጥ ነው። የስሙ ትርጉም የጊኒው አሪ ማለት ነው። የነጮቹ ሕፃን ሳይቀር የተጠመቀው እዚያው እሱ ቤት ነው።

ከዚያ በኋላ ያለው ታሪክ ግን ያማል። ከኦስትሪያዋ ሳልዝበርግ በሃይማኖታቸው ተባርረው በ1734 ጆርጂያ የገቡ ሉተራውያን ነበሩ። ኤቤኔዘር የምትባል መንደር መሠረቱ። ቄሳቸው ቦልትሲየስ ባርነትን አጥብቆ ተቃወመ። ጆርጂያ ባርነትን ስትፈቅድ ግን መንደርተኞቹም ባሪያ ገዙ። ራሳቸው ተሰደው የመጡ ሰዎች ናቸው እኮ! በደቡብ በብዙ አብያተ ክርስቲያናት ባሪያዎች የሚቀመጡት ሰገነት ላይ ነበር።

በዚያ ዘመን ጄሁ ጆንስ የሚባል የቻርልስተን ሰው ተነሳ። በ1832 ኒውዮርክ ውስጥ ክህነት ተቀበለ። በአሜሪካ የመጀመሪያው ጥቁር የሉተራን ቄስ እሱ ነው። ወደ ትውልድ ከተማው ሲመለስ ታሰረ። ምክንያቱ ከግዛቱ የወጣ ነፃ ጥቁር ተመልሶ እንዳይገባ የሚከለክል ሕግ ነበር። ስለዚህ ፊላደልፊያ ሄደ። በ1834 ለጥቁሮች ቅዱስ ጳውሎስ ቤተ ክርስቲያንን መሠረተ። ሕንፃው ሲሠራ ግን ዕዳ ተከመረ፤ ሲኖዶሱ ሳይደርስለት ቀረና በ1839 ሕንፃው ከእጁ ወጣ። ኩዊንስ በምትባል ጠባብ መንገድ ላይ ዛሬም ቆሟል። ሕንፃው ቆሞ ጉባኤው መበተኑ ያንገበግበኛል።

ዳንኤል ፔይንም ከቻርልስተን ነው። ለጥቁሮች የከፈተውን ትምህርት ቤት ሕግ ዘጋበት። ጌቲስበርግ ወደሚገኘው የሉተራን ሴሚናሪ ሄዶ ተማረ። በ1839 ክህነት የሰጠው ፍራንኪያን ሲኖዶስ ነው፤ ከሉተራውያን ሁሉ ባርነትን በግልጽ ያወገዘ ትንሽ ሲኖዶስ። ፔይን ግን አልቆየም። የአፍሪካ ሜቶዲስት ቤተ ክርስቲያን ጳጳስ ሆነ። ሉተራውያን ትልቅ ሰው አጡ።

አላባማ ላይ ደግሞ ሮዛ ያንግ የምትባል መምህርት አለች። በ1912 ሮዝባድ በሚባል ገጠር ለጥቁር ልጆች ትምህርት ቤት ከፈተች። ነቀዝ ጥጡን ሲበላው ወላጆች መክፈል አቃታቸው። ለታዋቂው ጥቁር መምህር ለቡከር ቲ. ዋሽንግተን ጻፈች። እሱም ወደ ሉተራውያን ጻፊ አላት። በ1916 ቀጥለን ከምናየው ከሚዙሪ ሲኖዶስ ሰው ተልኮ መጣ። ከዚያች አንዲት ትምህርት ቤት በመላ አላባማ በርካታ አጥቢያዎችና ትምህርት ቤቶች ተወለዱ።

ሚዙሪ ሲኖዶስ የሚባለው ሚዙሪ ብቻ ነው ያለው?

አይደለም፤ አገር አቀፍ ነው። ስሙ የመጣው ከተጀመረበት ቦታ ነው። በ1838 መጨረሻ ወደ 700 የሚጠጉ የሳክሶኒ ጀርመኖች ቄሳቸውን ማርቲን ሽቴፋንን ተከትለው በአምስት መርከብ ተነሱ። አንዷ መርከብ፣ አማልያ፣ ከነሰዎቿ ባሕር ላይ ጠፋች። የቀሩት ፔሪ ካውንቲ ሚዙሪ ሰፈሩ። ገና ብዙ ሳይቆዩ ሽቴፋን በሴትና በገንዘብ ጉዳይ ተከሰሰ። በጀልባ ሚሲሲፒን አሻግረው ኢሊኖይ ጣሉት።

እስቲ አስቡት። ቤታቸውን ሸጠው፣ ባሕር አቋርጠው፣ የሚመራቸው ሰው ወደቀ። «እኛ አሁን ቤተ ክርስቲያን ነን ወይስ የተሳሳተ መንጋ ነን?» ብለው ተጨነቁ። በ1841 አልተንበርግ ላይ ወጣቱ ቄስ ዋልተር ቆሞ ተከራከረ። ቤተ ክርስቲያን የሚያሰኘው ጳጳስ ሳይሆን ቃሉና ምሥጢራቱ ናቸው፤ እነሱ ካሉ ቤተ ክርስቲያንም አለች አለ። ያ ክርክር ሕዝቡን ከተስፋ መቁረጥ አወጣ። በ1847 ቺካጎ ላይ ሲኖዶሱ ተመሠረተ። ለምን በጉባኤ ሥልጣንና በትምህርት ንጽሕና ላይ እንደሚጠነክሩ ለመረዳት ያችን የሽቴፋን ጀልባ ማስታወስ በቂ ነው።

ሚኒሶታ ለምን በሉተራን ተሞላ?

መሬት ፍለጋ። በ19ኛው ክፍለ ዘመን ከኖርዌይና ከስዊድን በገፍ ተሰደዱ። በተለይ የ1862ቱ የመሬት ሕግ 160 ኤከር ሰፍሮ ለሚያርስ ሰው ይሰጥ ነበር። ስዊድኖች በ1860 አውጉስታና ሲኖዶስን አቋቋሙ። ኖርዌጂያኖች በ1861 ዛሬ አዮዋ ያለውን ሉተር ኮሌጅን፣ በ1874 ሚኒሶታ ላይ ሴንት ኦላፍን ከፈቱ። ፊንላንዳውያን ሚሺጋን ገቡ። በየቤተ ክርስቲያኑ ምድር ቤት ከአምልኮ በኋላ ቡና ይፈላል፤ በበዓል ሌፍሳ የሚባል ከድንች የሚጋገር ስስ ቂጣ ይቀርባል። በምጣድ ነው የሚጋገረው። አንዴ ሲጋገር ያየ ሐበሻ አይረሳውም።

ቋንቋቸውን እንዴት አጡት?

በሁለት መንገድ። አንዱ በልጆቻቸው፣ ሌላው በመንግሥት።

ከልጆቹ እንጀምር። ስዊድኖቹ በደላዌር ለ150 ዓመት ገደማ ከስዊድን ቄስ እየመጣላቸው ኖሩ። ልጆቹ ግን እንግሊዝኛ ተናጋሪ ሆኑ። የእንግሊዝኛ አምልኮ የነበራቸው ጎረቤቶቻቸው ኤጲስቆጶሳውያን፣ ማለትም ከእንግሊዝ ቤተ ክርስቲያን የወጡት፣ ናቸው። መጨረሻ ላይ የዊልሚንግተኑም የፊላደልፊያውም የስዊድን ቤተ ክርስቲያን ኤጲስቆጶሳዊ ሆነ። ሉተራንነቱ ከቋንቋው ጋር አብሮ ሄደ።

ፊላደልፊያ ያሉ ጀርመኖች ደግሞ ተጣሉ። ወጣቶቹ በእንግሊዝኛም ይሰበክልን አሉ። ሽማግሌዎቹ እምቢ አሉ። የወጣቶቹን ወገን ይመራ የነበረው ያ ጄኔራል ፒተር ሙለንበርግ ነው። በ1806 የእንግሊዝኛዎቹ ወጥተው ቅዱስ ዮሐንስ የተባለ የራሳቸውን ቤተ ክርስቲያን አቆሙ። ቁጣው ግን ለዓመታት አልበረደም፤ በ1816 ጉዳዩ ፍርድ ቤት ደረሰ። በአንድ ጌታ የሚያምኑ ሰዎች ናቸው።

መንግሥት የገባው በአንደኛው የዓለም ጦርነት ነው። ጀርመንኛ የጠላት ቋንቋ ሆነ። በግንቦት 1918 የአዮዋ አገረ ገዢ በአደባባይ፣ በባቡር፣ በስልክ፣ በአምልኮም ጭምር ከእንግሊዝኛ ሌላ እንዳይነገር አዘዘ። ዴኒሾችም ኖርዌጂያኖችም አብረው ተመቱ። ሚዙሪ ሲኖዶስ በ1917 «የጀርመን» የሚለውን ቃል ከስሙ አወጣ። ኖርዌጂያኖቹም ከስማቸው ላይ «የኖርዌይ» የሚለውን እንፋቅ፣ አንፋቅ እያሉ እስከ 1946 ቆዩ።

ነብራስካ ላይ የሆነውን ግን ልንገራችሁ። በ1919 የወጣው ሕግ 8ኛ ክፍል ላላለፈ ልጅ የውጭ ቋንቋ ማስተማርን ከለከለ። ሮበርት ሜየር በአንዲት የገጠር የሉተራን ትምህርት ቤት መምህር ነበር። በምሳ ዕረፍት ሰዓት ልጆቹን መጽሐፍ ቅዱስ በጀርመንኛ ያስነብብ ነበር። ግንቦት 25 ቀን 1920 የአውራጃው ዐቃቤ ሕግ በሩ ላይ ቆመ። አንድ የ10 ዓመት ልጅ ስለ ያዕቆብ መሰላል እያነበበ ነበር። ሜየር ሰውየውን አይቶታል። ወደ እንግሊዝኛ ቢቀይር ዝም እንደሚለው፣ ቢቀጥል እንደሚከሰው አውቋል። ቀጠለ። 25 ዶላር ተቀጣ። አልከፍልም ብሎ ይግባኝ አለ። ጉዳዩ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ደርሶ በ1923 በ7 ለ 2 ድምፅ ረታ። ዛሬ አሜሪካ ውስጥ ወላጅ ልጁን አማርኛ የማስተማር መብቱ በሕግ ሲነሳ የሚጠቀሰው የዚህ ሰው ክስ ነው። ቅዳሜ ጠዋት ልጆቻችሁን ይዛችሁ ለፊደል ትምህርት ስትሄዱ ሜየርን አስቡት።

ፍርዱን ረቱ፤ ቋንቋውን ግን አላዳኑትም። ጦርነቱ ያስደነገጠው ወላጅ ልጁን በእንግሊዝኛ ማሳደግ ጀምሮ ነበር።

ዛሬ ለምን ይህን ያህል ተከፋፈሉ?

ድሮ የከፋፈላቸው ቋንቋ ነበር። እንግሊዝኛ ሲገባ ብዙዎቹ ተዋሃዱ። የስዊድኑም፣ የጀርመኑም፣ የኖርዌይና የዴንማርኩም ወገን በደረጃ እየተቀላቀለ በ1988 ኢኤልሲኤ በሚል ምህጻር የምትታወቀው የአሜሪካ ወንጌላዊት ሉተራን ቤተ ክርስቲያን ተመሠረተች። መቀመጫዋ ቺካጎ ነው። ሚዙሪ ሲኖዶስና በ1850 የተመሠረተው ዊስኮንሲን ሲኖዶስ አልገቡበትም።

አሁን የሚለያያቸው መጽሐፍ ቅዱስን የሚያነቡበት መንገድ ነው። በየካቲት 1974 በሴንት ሉዊሱ ኮንኮርዲያ ሴሚናሪ አብዛኛው መምህርና ተማሪ በዚህ ክርክር ተነስቶ ግቢውን ለቆ ወጣ። ኢኤልሲኤ በ2009 በተመሳሳይ ጾታ ጥምረት የሚኖሩ ሰዎች ቄስ እንዲሆኑ ስትፈቅድ ደግሞ ብዙ አጥቢያዎች ወጡ፤ የሰሜን አሜሪካ ሉተራን ቤተ ክርስቲያን በ2010 የተመሠረተችው ከዚያ ነው።

ሴት ቄስ አላቸው?

ኢኤልሲኤ አላት። የተዋሃዱት አብያተ ክርስቲያናት ከ1970 ጀምሮ ሴቶችን ይሾማሉ። ሚዙሪና ዊስኮንሲን አይሾሙም።

ከመካነ ኢየሱስ ጋር ምን ያገናኛቸዋል?

ብዙ ነገር። መካነ ኢየሱስን የመሠረቱት አሜሪካኖች አይደሉም። የስዊድን፣ የጀርመንና የኖርዌይ ሚሲዮኖች፣ ከሁሉም በላይ የአገሩ ወንጌላውያን ሥራ ፍሬ ናት፤ በ1959 በብሔራዊ ደረጃ ተቋቋመች። አሜሪካኖቹ ዘግይተው በ1957 ወሎ ላይ ሥራ ጀመሩ። ቄስ ጉዲና ቱምሳ ከ1963 እስከ 1966 ሚኒሶታ፣ ሴንት ፖል በሚገኘው ሉተር ሴሚናሪ ተምረዋል። ተመልሰው የቤተ ክርስቲያኒቱ ዋና ጸሐፊ ሆኑ። በ1979 ደርግ ገደላቸው።

በ2013 መካነ ኢየሱስ በጋብቻና በቄሶች ጉዳይ ምክንያት ከኢኤልሲኤና ከስዊድን ቤተ ክርስቲያን ጋር የነበራትን ኅብረት አቋረጠች። ከሌሎቹ አሜሪካውያን ሉተራውያን ጋር ግን ትሠራለች። መካነ ኢየሱስ ዛሬ ከ10 ሚሊዮን በላይ ምዕመናን አሏት። ኢኤልሲኤ ስትመሠረት 5 ሚሊዮን ያህል ነበረች፤ አሁን ከ3 ሚሊዮን በታች ናት። የሚሲዮኑ መንገድ ተገላቢጦሽ ሆኗል።

ስደተኛ የሚቀበለው ድርጅት የእነሱ ነው?

በ1939 ከናዚ የሚሸሹ ሰዎችን ለመርዳት ሉተራውያን አንድ አገልግሎት ጀመሩ። ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ ቤታቸው የፈረሰባቸውን፣ ቀጥሎ ቬትናሞችን፣ ከዚያም የእኛን ሰዎች ተቀበለ። ከሱዳን ካምፕ ወጥቶ አሜሪካ የገባ ወገን ኤርፖርት ላይ ብርድ ልብስና ወፍራም ጃኬት ይዞ የጠበቀው የሉተራን ምዕመን የነበረበት ጊዜ ብዙ ነው። ድርጅቱ በ2024 ስሙን ግሎባል ሬፊዩጅ ብሎ ቀይሯል።

አሁን ማን ይመራቸዋል?

ኢኤልሲኤ በ2025 የሂኤል ከሪን ዋና ጳጳስ አድርጋ መርጣለች። በዚህ ቦታ የመጀመሪያው ጥቁር ናቸው። ኢማኑኤል ኒውዮርክ ላይ ከተጠመቀ ከ356 ዓመት በኋላ መሆኑ ነው።

የጥንቶቹን ቦታዎች ማየት ይቻላል?

ይቻላል። አልተንበርግ ሚዙሪ ላይ በ1839 ሴሚናሪ ሆኖ የተጀመረው የግንድ ጎጆ አለ። አንድ ክፍል ብቻ ነው። ጌቲስበርግ ላይ በ1863ቱ ጦርነት ሆስፒታል የሆነው የሴሚናሪ ሕንፃ ሙዚየም ሆኗል፤ የጦር አዛዥ ቆሞ ያየበት ማማ ላይ መውጣት ይቻላል። ትራፕና ኩዊንስ መንገድን ነግሬያችኋለሁ።

አንድ ቦታ ብቻ ምረጥ ብትሉኝ ግን ፊላደልፊያ ያለውን የስዊድኖችን ግሎሪያ ዴይ እላለሁ። በ1700 ነው የተመረቀው። ገብታችሁ ወንበር ላይ ከመቀመጣችሁ በፊት ቀና ብላችሁ ጣሪያውን እዩ። በ1638 ስዊድኖቹን ያመጧቸው ሁለት መርከቦች፣ በትንሹ ተሠርተው፣ ከነሸራቸው ተሰቅለዋል።